የሰም ዘንባባዋን የቆረጥኩበት ሆሳዕና

ካምፓላ፣ ንቲንዳ ሰፈር የተከራየኋት ክፍል ከአንድ ጡረታ የወጡ የእጽዋት መምህር ቤት ጀርባ ነበረች። ሚስታቸው ሞተዋል፤ አንዲት ልጃቸው አውሮፓ ትኖራለች። እኔ ቡጎሎቢ ባለ የሀበሻ ምግብ ቤት ወጥ ሠሪ ነበርኩ፤ ባሌ ጁባ ይነግዳል። ሰውየውን እንደ አገሩ ሰው "ምዜ" እላቸው ነበር፤ አባባ እንደማለት ነው።

በግቢው ጥግ፣ ከአቮካዶው ሥር፣ አንዲት ዘንባባ ነበረቻቸው። ዓይን የምትሞላ አልነበረችም። ግንድ የላትም፤ ከመሬት የወጡ ጥቂት ዝንጣፊዎች ብቻ ነበሩ። ከደቡብ አሜሪካ አንድ ባልደረባቸው ከላከላቸው እፍኝ ፍሬ የበቀለችው እሷ ብቻ ናት። እዚያ፣ ጉም በማይለየው የተራራ ደን ውስጥ፣ ዘመዶቿ ከፎቅ በላይ ይረዝማሉ፤ ግንዳቸውም ሰም ስለሚለብስ የሰም ዘንባባ ይባላሉ አሉኝ። ደኑ ለከብት ግጦሽ እየተመነጠረ ዘሯ እየጠፋ ነው። ካምፓላ ደግሞ ይሞቃታል። ስለዚህ ቀትር ላይ አሮጌ መጋረጃ ይዘረጉላታል፣ ውኃ ይረጩላታል።

"ግንድ እስክታወጣ የሰው ዕድሜ እኩሌታ ይሄዳል" አሉኝ አንድ ቀን።

"ታዲያ እርስዎ መቼ ሊያዩት ነው?"

"እኔማ አላየውም" ብለው ሳቁ።

ከዚያ ኮሮና መጣ። ምግብ ቤቱ ተዘጋ፣ ታክሲ ቆመ፣ ቦዳ የሚሉት የሞተር ታክሲም ሰው እንዳይጭን ተከለከለ። ቤተ ክርስቲያንም ተዘጋ። ግቢው ውስጥ እሳቸውና እኔ ብቻ ቀረን። አንዳንድ ቀን እሳቸው ማቶኬ የሚሉትን የሙዝ ቅቅል ይሰጡኛል፣ እኔ ሽሮ እወስድላቸዋለሁ፤ በረንዳው ላይ ተራርቀን ተቀምጠን እንበላለን። በሆሳዕና ሰሞን ባሌ "ትኩሳት ይዞኛል" ብሎ ደወለና ድምፁ ጠፋ። ቀን በቀን ብደውል ስልኩ ዝግ ነው። ድንበሩም ዝግ ነው። የት እሄዳለሁ?

እሑድ ጠዋት ቅዳሴውን በስልክ ሰማሁ። ከልጅነቴ ጀምሮ በዚያ ቀን ዘንባባ ሳልይዝ ውዬ አላውቅም፤ ያን ዕለት ደግሞ ባዶ እጄን ከዋልኩ ባሌ የሚሞት መሰለኝ። ፍርሃት ሰውን የማያሳምነው ነገር የለም። ምዜ ከምሳ በኋላ ጋደም ሲሉ ቢላዬን ይዤ ወጣሁ። ለቀለበት የሚሆነው ገና ያልተፈታው የመሀሉ ቅጠል ነው። ነጩ ክፍል ወደ ታች ስለሆነ ቢላውን በጥልቀት ሰደድኩት። ስጎትተው እርጥብ ድምፅ አሰማ። ክፍሌን ዘግቼ ቀለበት ሠራሁና አጠለቅሁ፤ ተንበርክኬም ስለ ባሌ ለመንኩ።

አመሻሹ ላይ በሬ ተንኳኳ። ምዜ ናቸው። ፊታቸው አመድ መስሏል።

"ልጄ፣ የዘንባባዋን መሀል ማን ቆረጠው?"

ቀለበት ያለበትን እጄን ወደ ኋላ ደበቅኩ። እሳቸው ግን አይተውታል። ቁጣ ነበር የጠበቅሁት፤ ቁጣ ይሻለኝ ነበር። ደረጃው ላይ ቁጭ አሉ።

"ሌላ ዛፍ ቢቆረጥ በጎን ያቆጠቁጣል" አሉ ቀስ ብለው። "እሷ ግን ያላት አንድ ልብ ብቻ ነው። በአገሯም ለሆሳዕና ይቆርጧታል፤ ለአምላክ ብለው። የጨረሳት ከብት ብቻ አይደለም።"

"ምዜ፣ ባሌ ታሟል፤ ድምፁ ከጠፋ ሰነበተ። ይቅር ይበሉኝ፣ ምን እንደነካኝ አላውቅም።"

"ለምን አልጠየቅሽኝም?"

"ብጠይቅዎ ይሰጡኝ ነበር?"

"ከዳር አንድ ቅጠል እሰጥሽ ነበር" አሉና ከዘራቸውን ተመርኩዘው ተነሡ።

ባሌ በሦስተኛው ቀን በሰው ስልክ ደወለ። ወባ ነበር፤ የራሱ ስልክ ተሰርቋል። ለምዜ ስነግራቸው "እግዚአብሔር ይመስገን" አሉ፣ ከልባቸው። ከዚያም ወደ ዘንባባዋ ተመለሱ።

እኔም አብሬያቸው አስታመምኳት። ቁስሏ ላይ አመድ ነሰነስን፣ ዝናብ እንዳይገባበት ላስቲክ ከለልን። አንዲት የተጨማደደች ቅጠል ብቅ አለችና ቢጫ ሆና ቀረች። የዳሮቹም ተራ በተራ ደረቁ። በዓመቱ መሀሏን ስነካው ጣቴ እንደ በሰበሰ ሙዝ ውስጥ ሰመጠ። ምዜ ሽታውን ሲሰሙ መጋረጃውን አጥፈው ወደ ቤት አስገቡ።

በሁለተኛው የኮሮና እገዳ ጊዜ እሳቸውም በሳል ወደቁ። አምቡላንሱ ሲወስዳቸው እስከ በር ሸኘኋቸው። ሊጨብጡኝ እጃቸውን ዘረጉ፣ ከዚያ በሽታው ትዝ አላቸው መሰለኝ መልሰው ሰበሰቡት። አልተመለሱም። ቀብር ላይ የተፈቀደው ለጥቂት ዘመድ ብቻ ስለነበር እኔ አልቆምኩም።

መንገድ ሲከፈት ልጃቸው ቤቱን ልትሸጥ መጣች። ከአቮካዶው ሥር ቆመች።

"ዘንባባዋ እዚህ ነበረች አይደል?" አለችኝ። "ምስኪን አባቴ! የጎረቤት ፍየል በላችብኝ ብሎ ጽፎልኝ ነበር። እኔ ስናደድ 'ርቧት ነው፣ ምን ታድርግ' አለኝ።"

ጎረቤታችን ፍየል ኖሮት አያውቅም።

"እኔ ነኝ የቆረጥኳት" አልኳት።

ትክ ብላ አየችኝ። "አባቴ ያውቅ ነበር?"

"ያውቁ ነበር።"

መነጽሯን አውልቃ ዓይኗን ጠረገች። "እንግዲያው እሱ የዘጋውን እኔ አልከፍተውም" አለችና በር ላይ ወደሚጠብቋት ቤት ገዢዎች ሄደች። ድምፅዋ ውስጥ ይቅርታ ይኑር አይኑር እስከ ዛሬ አላወቅሁም።

በወሩ መጨረሻ ክፍሏን ለቀቅሁ። አሁን ኪቡሊ ሰፈር ነው የምኖረው፤ ግቢው ሲሚንቶ ነው።