የጭቃ ወር የመጨረሻው ቋጠሮ

ጂንካ ከተማ መሃል፣ ከድሮው የአውሮፕላን ማረፊያ ሣር ሥር አንድ አገር አለ። ከብቶቹ ከላይ ሲግጡ የነዋሪዎቹን ጣሪያ ነበር የሚግጡት። ዛሬ አውሮፕላኑ ሌላ ቦታ ያርፋል፤ ነዋሪዎቹም እንቅልፍ አግኝተዋል ብዬ አስባለሁ።

አገሩን የፈጠርኩት እኔ ነኝ። ልጄ ሰባት ዓመቷ ሳለ "እማዬ መቼ ነው የምትመጣው?" የምትለውን ጥያቄ በቀን አንድ ሺህ ጊዜ ትጠይቀኝ ነበር። አንድ ሺህ ስል አሳንሼ ነው።

እናቷ ነርስ ናት፤ የተመደበችው ቱርሚ ነበር። እኔ ጂንካ አስተማሪ ነኝ። በመካከላችን ያለው መንገድ ያን ጊዜ መንገድ ለመባል ማመልከቻ አስገብቶ ገና መልስ ያላገኘ ነበር። ሞባይል የለም። ጭቃው ደግሞ አህያ ከነጭነቷ ውጦ ጭነቱን ብቻ ይመልሳል። ስለዚህ "መቼ" ለሚለው መልስ አልነበረኝም። መልስ ያጣ አባት ምን ያደርጋል? የዘመን አቆጣጠር ያወጣል።

በሣር ሥሩ አገር ወር በቁጥር አያልቅም፤ የሚያልቀው ነገሩ ሲያልቅ ነው። የማንጎ ወር የሚወጣው የመጨረሻው ልጅ ሆዱን ይዞ ሲተኛ ነው። የንብ ወር አለ። የዝምታ ወር አለ፤ ልጄን ግን አንድም ጊዜ ላስጀምራት አልቻልኩም። ጳጉሜንን የሚመስልም አለ፤ መንግሥት ደመወዝ ስለማይከፍልበት ሕዝቡ በሙሉ ይተኛበታል። የዓመቱ ማብቂያ የጭቃ ወር ነው። አዲሱ ዓመት የሚጠባው ከቱርሚ የመጣ መኪና ጎማው ደርቆ ጂንካ ሲገባ ነው። ያ የደረቅ ጎማ ወር ይባላል።

"እማዬስ?"

"በደረቅ ጎማ መባቻ።"

አቆጣጠሩ ከሚገባው በላይ ሠራ። አከራያችን፣ አያታቸው ከሰሜን ወርደው እዚሁ የቀሩ ሴት፣ የወሩን ቀናት በየታቦቱ እንደ ጎረቤት የሚያውቁ ናቸው። ቄሱ እንኳ ሲጠፋበት እሳቸውን ያስጠይቃል። አንድ ቀን ጠሩኝ።

"አንተ መምህር፣ እግዜር ያወጣው ቀን ምን ጎደለውና ነው?"

"ምንም አልጎደለውም እትዬ። መንገድ ጠፋበት እንጂ።"

በዚያ የበልግ ዝናብ መሃል ባለቤቴ ፈቃድ አገኘች፤ በሹፌር እጅ አንድ ገመድ ላከችልን። ሐመሮች የከብት ዝላይ ሲደግሱ ለተጋባዡ ቋጠሮ ያለው ገመድ ይልካሉ። እሱም በየማለዳው አንድ ይፈታል፤ ቋጠሮው ያለቀ ቀን ድግሱ ነው። የቱርሚ ሴቶች ስትቋጥር አይተው ሳቁባት፤ ገመድ የሚልከው ደጋሹ ነው እንጂ እንግዳው ነው እንዴ?

"ባሌ ደግሶ ስለማያውቅ ነው" አለቻቸው።

ልጄ ገመዱን በሩ ላይ ሰቀለችው። ፊቷን ሳትታጠብ ትፈታለች። እያንዳንዱ ቋጠሮ የጭቃ ወር ትርፍራፊ ነው ብላም አወጀች። የአገሩን ፈጣሪ ማንም አላማከረኝም።

አንድ ቋጠሮ ብቻ ሲቀር፣ ተነስታ መንገድ ላይ ናት ብዬ መናኸሪያ ወረድኩ። ከቱርሚ መስመር የመጣ ሹፌር አገኘሁ።

"ቱርሚ አጠገብ ያለው የአሸዋ ወንዝ ሞልቶ አንድ የጭነት መኪና ወስዷል" አለኝ።

"ሰው ነበረበት?"

"ነበረበት የሚሉ አሉ። አልነበረም የሚሉም አሉ።"

"ነርስ አለችበት አሉ?"

"መምህር፣ እኔ የሰማሁትን ነው።"

እኔ ለቀብር እንኳ ቀልድ የማላጣ ሰው፣ እስከ ቤት ድረስ በጭቃው ሮጥኩ። ለእትዬ ነገርኳቸው። ለልጄ አልነገርኳትም።

በማግስቱ ማለዳ ልጄ በሩ ላይ ቆመች። ገመዱን ያዘች፤ ግን አልፈታችውም።

"ምነው?"

"ከፈታሁት ዛሬ ያልቃል። ካለቀ እማዬ ቀረች ይባላል። ካልፈታሁት ገና ዛሬ ነው።"

ቋጠሮውን ሳትፈታ ዋለች። ፀሐይ ጠለቀች፤ ነጋ። ልጄ ነጠላቸውን አጣፍተው ወደ ቤተ ክርስቲያን የሚወጡትን እትዬን በር ላይ ጠበቀቻቸው።

"እትዬ፣ ዛሬ ምንድን ነው?"

እኔን አዩኝ። እሷን አዩ።

"ያው የትናንቱ ነው ልጄ። የጭቃ ማብቂያ።"

"ሚካኤል አይደለም?"

"ሚካኤል ይጠብቃል" ብለው ወጡ።

እኒያ ሴት ቀን ሲሸራርፉ ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው። እኔም ትምህርት ቤት ሄጄ ጠመኔ አነሳሁ፤ ሰሌዳው ላይ ቀን መጻፍ ግን እጄ እምቢ አለ።

"ቲቸር፣ ቀኑን አልጻፉም" አለኝ አንዱ።

"ገና አልደረሰም" አልኩ። ማንም አልሳቀም። እኔም አልሳቅኩም። የውሸት አገሬ እውነተኛውን ዓለም ከነፀሐዩ አቁሞት ነበር፤ የያዘችው ደግሞ በጣቶቿ ገመድ የምታሻሽ አንዲት ልጅ ናት። ያንን ሳስብ ዛሬም ድረስ ድምፄን ዝቅ አደርጋለሁ። ስንት ጊዜ እንደነጋ አልነግራችሁም፤ እኛ ግቢ አንድ ቀን ነበር።

ከዚያ አንዱን ከሰዓት በኋላ በር ላይ ክላክስ ጮኸ። የጭነት መኪና ነው፤ እስከ ጣሪያው ጭቃ ብቻ። የመኪናው በር ተከፍቶ ባለቤቴ ጫማዋን በእጇ ይዛ አንድ እግሯን ወደ መርገጫው አወረደች።

"የተወሰደው ከፊታችን የነበረው ነው" አለች እኔን አይታ። "ሹፌሩ በመስኮት ወጥቷል። እኛ ወንዙ እስኪጎድል ማዶ ሰነበትን።"

እጄን ዘረጋሁላት። ልጄ ግን እናቷን አልፋ ሄዳ ጎማው ፊት ተቀመጠች።

"ጭቃ ነው።"

"እኔን ሳታዪ ጎማ?" አለች እናቷ።

"እማዬ፣ አትውረጂ። ወሩ አልገባም።"

ሹራቧን አውልቃ መጥረግ ጀመረች። ሹፌሩ ወደ እኔ ዞረ።

"ይቺ ልጅ ጤና ናት?"

"መንግሥት ናት። ዝም ብለህ ታዘዝ።"

መስተዋት የሚወለውልበትን ጨርቅ አምጥቶ አጠገቧ ተንበረከከ። እኔም በኮቴ እጅጌ ገባሁበት። ባለቤቴ አንድ እግሯን አንጠልጥላ ከላይ ታየናለች፤ ሳቋ ይሁን ለቅሶዋ መለየት አልቻልኩም። የጎማው ጥቁር ብቅ ሲል ልጄ በመዳፏ ዳሰሰችው። ሮጣ ገመዱን አመጣች። ቋጠሮው ከመታሸት ብዛት ጠጥሮ ስለነበር በጥርሷ ፈታችው።

"ጠባ" አለች።

ባለቤቴ ወረደች። እትዬ በር ላይ ቆመው ኖሯል። እንኳን ደህና መጣሽ አላሏትም። ነጠላቸውን አስተካክለው፣ ለበዓል እንደሚደረገው ሦስቴ ሳሟትና፣

"እንኳን አደረሰሽ" አሏት።