አስፈላጊው ሁሉ ይደረጋል

በቅርቡ አንድ አዳራሽ ውስጥ፣ ተናጋሪው ያለው ነገር ለማንም ሳይገባ ሰዉ ሁሉ አጨበጨበ። የእኔ እጅ ግን እምቢ አለኝ። የጭብጨባው ድምፅ ላሊበላ ወስዶ፣ ከአሸተን ማርያም ተራራ ሥር ካለ ሜዳ ላይ ጣለኝ። በደርግ ጊዜ፣ በዚያ የድርቅ ዓመት፣ ሜዳው አቧራና ናፍጣ ይሸት ነበር።

የስምንተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ገበሬው የተሰበሰበው ስንዴ ይታደላል ተብሎ ነው። ከካድሬው ጎን ቆሞ የተናገረው ግን የአማርኛ መምህሬ ነበር፤ ድርሰቴን "ይህ ጭጋግ ነው፤ ለእናትህ እንደምትነግራት አድርገህ ጻፈው" እያለ ይመልስልኝ የነበረው ሰው። የዚያን ቀን ስለ "ዘላቂ መፍትሔ" እና ስለ "ሰፊው ሕዝብ የተቀናጀ ንቅናቄ" ጥላው እስኪዞር ድረስ ተናገረ።

"ስንዴውስ፣ መምህር?" አሉ አንዲት አሮጊት።

"እናቴ፣ ጥያቄው በአጠቃላይ ሂደቱ ውስጥ ምላሽ ያገኛል።"

"እንግዲያስ ሂደቱን ቶሎ በሉት፣ ሆዳችን አልቻለም!" ሰዉ ሳቀ።

እኛ አገር ቆሞ የተናገረን ሰው በዝምታ መሸኘት ነውር ነው። ከገበሬዎቹ መሀል የነበረው አጎቴ "ደክሞታል እኮ፣ አታሳፍሩት" ብሎ ማጨብጨብ ጀመረ፤ ሁሉም ተከተለው። ካድሬው ፈገግ አለ። ሕዝቡ ወደ ሰፈራ ለመሄድ ፈቃደኛ መሆኑ በጭብጨባ ጸደቀ ተባለ። ታጣቂዎች ሜዳውን ከበቡ፤ ወንዶቹን በጭነት መኪና ጫኗቸው።

አጎቴ ከመኪናው ላይ ሆኖ ተጣራ። "መምህር! ሚስቴ አራስ ናት፣ እቤት ናት። ያስከትሉልኝ ይሆን?"

መምህሬ ቀና ብሎ አየው። "አስፈላጊው ሁሉ ይደረጋል" አለ።

ቢዋሽ ኖሮ ይሻለኝ ነበር። ውሸታም እውነቱን ያውቀዋል። የመምህሬ ዓይን ግን አልሸሸም፤ ይህን በማለቱ ብቻ አንድ ነገር ያደረገ መስሎት ነበር። እንዲህ መናገርን ሲለምድ፣ ማን ከማን እንደሚነጠል ማሰብ ትቶ ነበር።

"እግዜር ይስጥልኝ" አለ አጎቴ፤ ተደላድሎ ተቀመጠ። መኪናው ተነሣ።

አመሻሹ ላይ አራሷ ዘንድ ስደርስ ወሬው ቀድሞኝ ነበር። "መምህሩ ምን አሉ?" አለችኝ። ያለውን ነገርኳት። ፊቷ ፈካ። በማግስቱ ልጇን ታቅፋ፣ ጓዟን ቋጥራ፣ ደጃፉ ላይ የመኪና ድምፅ ስታዳምጥ አገኘኋት።

ክረምቱ ገባ። ቋጠሮውን አልፈታችውም።