ከኬላው ወዲህ

ከጎረቤት አገር ጋር የነጻ ንግድ ስምምነት ተፈረመ ተብሎ፣ ማር የምናመርት ሰዎች መቱ ለስብሰባ ተጠራን። ለናሙና ማር ይዛችሁ ኑ ተባልን። አክስቴ ከዳሪሙ ገጠር መኪና እስከሚገኝበት ድረስ አንድ ጄሪካን ማር ተሸክማ በእግሯ መጣች። ላግዝሽ ብላት አሻፈረኝ አለች።

መቱ መግቢያ ላይ የኬላው ገመድ ተወጥሯል። ጠባቂዎቹ ያለ ይለፍ ወረቀት ማሩ አይገባም አሉ። የጠራን እኮ መንግሥት ነው ብለን ብንከራከርም የሚሰማን አጣን። ማሩን ጥበቃ ቤቱ ውስጥ ትተን ባዶ እጃችንን ገባን።

አዳራሹ ውስጥ ከላይ የመጡ ኃላፊ፣ ማራችን ከእንግዲህ ያለ ቀረጥ ድንበር እንደሚሻገር ሲያስረዱን ረፈደ። አክስቴ እጇን አወጣች።

«ጌታዬ፣ ድንበሩ ያለው ከኬላው ወዲህ ነው ወይስ ወዲያ?»

ሰው ሁሉ ሳቀ። ኃላፊው ፈገግ ብለው፣ ይሄ የዛሬ አጀንዳ አይደለም አሉ። ከእሳቸው ይልቅ በሳቁት በገንኩ። ሲመለሱ እነሱም የሚጠብቃቸው ያው ገመድ ነው።

ወደ ማታ ኬላው ላይ ጄሪካኑን አውጥተው ሰጡን። እስከ አፉ ሞልቶ የነበረው ማር ግማሽ ሆኗል። የጠባቂዎቹ አግዳሚ ወንበር ላይ የዳቦ ፍርፋሪ ተበትኗል። ልጮህ አፌን ስከፍት አክስቴ ክንዴን ያዘችኝ።

«ተዋቸው» አለች። «ናሙናውን ቀምሰውታል።»