የአክስቴ መዳፍና የመስቀሉ ዳግም

ቡታጅራ ውስጥ አረቄ የሚያወጣ ሞልቷል፤ ዳግም ሲባል ግን ሰው የሚጠራው አክስቴን ነው። ዳግም ማለት አንዴ የወጣውን አረቄ መልሶ ማሰሮ ውስጥ ጨምሮ ሁለተኛ ማውጣት ነው። እሳት ላይ ጠብ ሲል ቦግ ይላል። አክስቴ የእናቴ ታላቅ እህት ናት፤ ያደግሁትም እሷ ጋ ነው። እሷ ራሷ አትቀምስም። የሚቀምስ ሰው ሦስተኛው ላይ ሁሉም ይጣፍጠዋል ትላለች። መዳፏ ላይ ጥቂት ታፈስና በሁለት እጇ አሽታ ፊቷን ሸፍና ታሸታለች። “ይሂድ” ካለች ይሸጣል። ዝም ካለች ተመልሶ ማሰሮ ይገባል። ስንት ነጋዴ በራችን ላይ ቆሞ ያን መዳፍ ሲጠብቅ አይቻለሁ።

አምና ክረምት ላይ ግን ጉድ መጣ። አዲስ አበባ የሚሠሩ የመስቃን ልጆች ለመስቀል አገር ሲገቡ የሚጠጡትን ከእሷ የሚገዛ ነጋዴ አለ። እሱ አንድ ደምባጃን ሙሉ አረቄ መልሶ አመጣ። ጭስ ጭስ ይላል አላት፤ የመስቀሉም እንዲህ ከሆነ ወልቂጤ ሌላ ሴት አግኝቻለሁ አላት። እሱ ከወጣ በኋላ አክስቴ በአጥራችን ወዲያ ወዳለው ቤት ስትመለከት አየኋት።

እዚያ ቤት የገባችው ከሰሜን የመጣው የአውራጃ ፍርድ ቤት ጸሐፊ ሚስት ናት። “አረቄ ሲወጣ ብቻ ነው አጥሩ ጋ የምትቆመው፣ ልብ በዪ” አለችኝ አክስቴ። ልብ አልሁ። እውነት ነው! ልብስ ስናጥብ ብቅ አትልም፤ ማሰሮው እሳት ላይ ሲወጣ ግን ነጠላዋን አፍንጫዋ ላይ ይዛ ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች። ይህን ስነግራት አክስቴ ሌላ አልጠየቀችም። አረቄ የባዕድ ዓይን አይወድም። በሩ ላይ ማዳበሪያ ጆንያ ሰቀለች፣ የግድግዳውን ቀዳዳ በጨርቅ ወተፈች፣ ደጃፉ ላይ ጤናዳምና ነጭ ሽንኩርት በተነች። ከመላላክ ስመለስ ማሰሮው አጠገብ የምቀመጠውን እኔን ደግሞ አውጥታ አጥሩ ጋ ዘብ አቆመችኝ።

ዘብነቱ ደስ አለኝ፣ አልዋሽም። የሴትየዋን ጫማ ሳይቀር እጠረጥር ነበር። አንድ ቅዳሜ ግን እሷው በአጥሩ ቀዳዳ ጠራችኝ።

“አንቺ ልጅ፣ እትዬ ደህና ናቸው?”

“ምን ይሆናሉ?”

“ድፍድፉ እኮ እያረረ ነው። ሁልጊዜ ያርራል። እንዳልነግራቸው እንደ ቡዳ ነው የሚያዩኝ።”

አላመንኋትም። ከዘብነቴ ልታስለቅቀኝ ነው ብዬ ጥቂት ቆየሁና ሮጥሁ። ጆንያውን ስገልጠው የሚያንገፈግፍ ያረረ ሽታ ፊቴን መታኝ። አክስቴ ማሰሮው አጠገብ ተቀምጣ ጌሾ ትለቅማለች።

“መጣች እንዴ?” አለችኝ።

የሚሸት ነገር የለም ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ጤናዳሙ ነው አለችኝና ልቅሟን ቀጠለች።

ያን ጊዜ ጥርጣሬዬ ከአጥሩ ወዲያ ተነሥቶ እኛው ቤት ገባ። ግንቦት ላይ አክስቴን ጉንፋን አልጋ ላይ ጥሏት እንደ ነበር ትዝ አለኝ። ከዚያ ወዲህ ወጡ ስንቴ አረረ? ላምባ ሲፈስስ ማን ነበር የሸተተው? እኔ ነኝ።

በማግሥቱ ብርጭቆ ሞልቼ ከታችኛው እንስራ የቀዳሁት አረቄ ነው፣ እዪልኝ አልኋት። አፈሰሰች፣ አሸች፣ ፊቷን ሸፍና አሸተተች።

“ይሄ እንኳን ጥሩ ነው፣ ይሂድ።”

“እትዬ፣ ውሃ ነው።”

እጇን ከፊቷ አላወረደችም። መዳፏን በምላሷ ነካችው።

“ለማን ነገርሽ?”

“ለማንም።”

“ለዚያችስ?”

ማረሩን እሷ ናት የነገረችኝ አልኋት። አክስቴ ተነሥታ ጆንያውን ከበሩ ገነጠለችው። ያረረውን ድፍድፍ ደፋች፣ አዲስ ጠነሰሰች። ሲደርስ በርጩማዋን ለእኔ ለቀቀችና እሳቱን ራሷ ያዘች።

“ጥሩ ሽታ አትፈልጊ” አለችኝ። “ሲለወጥ ብቻ ንገሪኝ።”

ማሰሮው ላይ በተሰካው መቃ መጀመሪያ የሚወርደው ዓይን ያቃጥላል፤ እሱ ይደፋል። ቀጥሎ የተቆላ እህል የሚመስል ሽታ ይመጣል። መጨረሻው እርጥብ ጨርቅ፣ እርጥብ ጨርቅ ይላል። “ተለወጠ” ስል አክስቴ ማጠራቀሚያውን ከመቃው ሥር ላፍ ታደርጋለች። ሁለተኛም መለስነው። በሩ ክፍት ነበር፣ እኔም አጥሩን ረስቼው ነበር።

ነጋዴው ለመስቀል ሲመጣ አክስቴ እንደ ወትሮዋ መዳፏ ላይ አፈሰሰች፣ አሸች፣ ፊቷን ሸፈነች። በጣቶቿ መካከል ግን ዓይኗ እኔ ላይ ነበር። ራሴን ነቀነቅሁ።

“ይሂድ” አለች።

ነጋዴው ቀመሰ። እሷን አየ፣ እኔን አየ፣ እንደገና ቀመሰ። ያለፈው ጊዜ ምን ነክቶሽ ነው አላት። ማሰሮው አርጅቶ ነበር አለችው። ደምባጃኖቹን ሁሉ አስጫነ።

ማታ ከመሆኑ በፊት አክስቴ አንድ ጠርሙስ ሞልታ ለጸሐፊው ሚስት እንዳደርስ ሰጠችኝ። ታረቁ ብዬ እየዘለልሁ በሩ ላይ ስደርስ ጠራችኝ።

“ስትቀምስ ፊቷን አይተሽ ነይ። ስለ እኔ አንዲት ቃል ከተናገረችም እንዳለ ታመጪልኛለሽ።”

የጸሐፊው ሚስት ጠርሙሱን ከፍታ አልቀመሰችም፤ አፍንጫዋን አስጠግታ ብዙ ቆየች። ቀጥሎ ቤታችንን፣ ቀጥሎ እኔን አየች።

“ይሄን ማን ነው ያሸተተው?”

እኔ ነኝ ልል አፌ እስከ ግማሽ ተከፍቶ ነበር።

“አክስቴ ናታ” አልኋት፣ ሳቄ እንዳያመልጠኝም ወደ ቤት ሮጥሁ።