የወሉ መስክ ምስክር

ቢቸና ፍርድ ቤት የችሎት ጸሐፊ ሆኜ ሥራ የጀመርኩት በደርግ ዘመን፣ የመሬት አዋጁ በወጣ በጥቂት ዓመት ውስጥ ነው። የመጀመሪያው ቀን ዳኛው ከጎናቸው አስቀመጡኝና፣ «ባለጉዳዩ ያለውን ጻፍ። ላሳምርለት ብለህ አትጨምርበት» አሉኝ። ስጽፍ ውዬ ማታ ጣቶቼ አልታጠፍ አሉኝ።

አብዛኛው ጉዳይ መሬት ነበር። ርስት ቀርቷል፤ ክርክሩ ግን አልቀረም። ሰው የአያቱን ስም መጥራት ትቶ «በድልድል ደርሶኛል» ማለት ጀመረ እንጂ ጠቡ ያው ነው።

ከነዚያ ሁሉ ከልቤ ያልወጣው ከሞጣ መንገድ ወዲህ ካለች አንዲት መንደር የመጣው ነው። መንደሪቱ ከወንዙ ዳር፣ በበጋ የሁሉም ከብት የሚሰማራበት የወል መስክ አላት። የገበሬ ማህበሩ ሊቀመንበር ጓድ ላቀው ግማሹን በእሾህ አጥሮ ጤፍ ዘራበት። የማህበሩ ፍርድ ሸንጎ በራሱ ሊቀመንበር ላይ መፍረድ ስላልደፈረ፣ ሰዉ ዘለቀ የሚባል ገበሬ ወክሎ እኛ ዘንድ ከሰሰ። ዘለቀ የላቀው ሚስት ወንድም ነው።

ላቀው ችሎት ቀርቦ፣ «ድሮም እርሻ ነበር። ጦም አድሮ ሣር ስለበቀለበት ነው መስክ የመሰለው። በድልድሉ ለእኔ ደርሷል» አለ።

የዘለቀ ምስክሮች ፈሩ። አንዱ ታመምኩ ብሎ ቀረ። ሌላው ሽማግሌ፣ «ጌታዬ፣ ዓይኔም ልቤም ደክሟል፤ አላስታውስም» አሉ። ከችሎት ሲወጡ ግን ከግቢው ማዶ ከታሰሩት በቅሎዎች መሀል የራሳቸውን ከሩቅ ለይተው ሲያሳዩ አየኋቸው። ማንም አልሳቀም።

ያን ጊዜ ዘለቀ፣ «እኅቴ ጥሩወርቅ ትጠራልኝ» አለ።

«ሚስቴ እኮ ናት» አለ ላቀው።

«የእኔም እኅት ናት። መስኩን ከማንም በላይ ታውቀዋለች።»

በቀጠሮው ወይዘሮ ጥሩወርቅ የባሏን ስንቅ ተሸክማ፣ ከኋላው ተከትላ መጣች። ምላ ቆመች።

«ይህ መሬት ታርሶ ያውቃል ወይ?» አሏት ዳኛው።

ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ፣ «አያውቅም» አለች። «አባታችንም ጎረቤቱም ከብቱን የሚያሰማራበት ነው። የወል ነው።»

«ባለቤትዎ ግን እርሻ ነበር ይላሉ።»

«እሱ ለልጆቹ ብሎ ነው። የልጆቼ አባት ነውና ክፉ አታድርጉበት። መሬቱ ግን አልታረሰም።»

እንዳለችው ጻፍኩ።

ውጭ ስወጣ ላቀው ከፊቷ ቆሟል። ድምፁን ከፍ አላደረገም። «ስንቁን አምጪ» አለና ተቀበላት። «አንቺ በወንድምሽ መንገድ ሂጂ። እኔ ቤት እንዳትደርሺ።» ትቷት ሄደ። ዘለቀን የመንደሩ ሰዎች ከበው ያመሰግኑታል። እሷ በሩ ላይ ብቻዋን ቀረች።

«ልጄ» አለችኝ፣ «የፍርዱስ ነገር የእናንተ ነው። እኔ ዛሬ የት ልግባ?»

ዘለቀን ጠራሁትና ይዟት ሄደ።

ለመንደሩ ተፈረደ። አጥሩ ተነሳ፣ ከብቱም ወደ መስኩ ገባ። ዘለቀ የውሳኔውን ግልባጭ ሊወስድ ሲመጣ ስለ እኅቱ ጠየቅሁት።

«ሽማግሌ ብንልክበት ላቀው አልሰማም አለ። ልጆቹንም አያሳያትም። ባሏን ያዋረደች እያለ ሰዉም አፉን አሳረፈባት። ሚስቴ ደግሞ የሊቀመንበር ጠብ ቤታችን እንዳይገባ ፈራች» አለኝ። «አንድ ጠዋት ሳትነግረን ሄደች።»

አፉን ያሳረፈባት ሰው በእሷ ቃል ባገኘው መስክ ላይ ነበር ከብቱን የሚያሰማራው።

ከዓመታት በኋላ ሞጣ ተዛወርኩ። በገበያ ቀን ድውር የምትሸጥ ሴት ትክ ብላ አየችኝ። «ጸሐፊው አይደለህም?» አለች። ከስታ ነበርና ወይዘሮ ጥሩወርቅ መሆኗን ቶሎ አላወቅሁም። ክፍል ተከራይታ በፈትል ትኖራለች።

«ልጆችዎ እንዴት ናቸው?» አልኳት።

«ትልቁን ለውትድርና ወሰዱት። መሞቱን የነገረኝ በሬ ሊሸጥ የመጣ ያገሬ ሰው ነው። ለቅሶው ካለፈ ከርሟል። ለእኔ እንዳይነገር ብሎ አባቱ ከልክሎ ኖሯል።»

ገዢ መጥቶ ዋጋ ጠየቃት፤ ነገረችው፤ ሄደ።

«በመመስከርዎ አዘኑ?» አልኳት፣ መጠየቅ ባይገባኝም።

«አልታረሰም ነበር እኮ። ምን ልበል?» አለች። ድውሯን እየደረደረች፣ «ዘለቀ ግን ሞጣ ለገበያ ይመጣል ይሉኛል። እኔ ዘንድ መጥቶ አያውቅም» አለች።

ጡረታ እስክወጣ ድረስ ብዙ የመሬት ክርክር ጻፍኩ። ፍርድ ቤት መሬቱ የማን እንደሆነ ይወስናል። የመሰከረው ሰው ከዚያ በኋላ ከማን ጋር እንደሚኖር አይወስንም። ይህን ምስክሩን የጠራው ሰው አስቀድሞ ሊያስብበት ይገባል።