በአክስቴ ትከሻ ላይ ያልነበረው ወፍ

ልጅ ሳለሁ ተረት እወድ ነበር፤ አሁን ግን ሰው «አንድ ተረት ልንገርሽ» ሲለኝ የሻገተ ነገር የጎረስኩ ይመስለኛል። ተረት ጠልቼ አይደለም። ማንበብን ራሴን በራሴ ያስተማርኩት ሾፌሮች አልጋ ሥር ረስተዋቸው በሚሄዱ መጻሕፍት ነው። ሽፋን የሌላቸውን፣ የመጨረሻ ገጾቻቸው ትንባሆ ተጠቅልሎባቸው ያለቁትን ሁሉ አንብቤአለሁ። መጨረሻ የሌለው መጽሐፍ ሰውን አንድ ነገር ያስተምራል፤ መጨረሻውን አሳምሮ የሚያወራን ሰው መጠርጠር።

እናቴ በሞያሌ፣ በኬንያ በኩል፣ ከሎሪ ማቆሚያው ጀርባ ትንሽ ሆቴል ነበራት። ሆቴል ማለት ያኔ አራት ጠረጴዛ፣ በቆርቆሮ የተከለለ ማድ ቤትና ጓሮ ውስጥ የተደረደሩ ስድስት መኝታ ክፍሎች ማለት ነው። ከስድስቱ በአንደኛው አባባ ገብሬ ይኖሩ ነበር። ድሮ ሾፌር ነበሩ፤ ዓይናቸው ሲደክም መሪውን ትተው እዚሁ ቀሩ። ቄሱ ያሉት ድንበሩን ተሻግሮ ስለነበር፣ ወዲህ ማዶ ላለነው ጥቂት ክርስቲያኖች ጾም መግባቱን የሚነግሩን፣ የተጣላውን የሚያስታርቁት፣ የታመመውን ምን እንደያዘው የሚወስኑት እሳቸው ነበሩ። ማንም አልሾማቸውም። የሾማቸው ድምፃቸው ነው።

ድምፃቸውን ደግሞ ልንቅ አልችልም። ፀሐይ ጠልቃ እናቴ ፋኖሱን ምሰሶው ላይ ስትሰቅል፣ የሻይ ማፍያው ከሰል አመድ ለብሶ ከሥሩ ቀይ ሆኖ ሲተነፍስ፣ የናፍጣው ሽታና የከሰሉ ጭስ ተቀላቅሎ ጉሮሮ ሲይዝ፣ ከጎልቦ ቆላ የተጫኑት ፍየሎች ሎሪው ላይ ሆነው ሲጮሁ፣ ያኔ አባባ ገብሬ አንዴ ይስሉና ይጀምራሉ። ፍየሎቹ እንኳ ዝም የሚሉ ይመስለኝ ነበር።

ከሁሉ የምወደው የወፉን ተረት ነበር። አንዲት የነጋዴ ሚስት ነበረች። ከዕለታት አንድ ቀን ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ተኛች፤ አልበላም፣ አልናገርም አለች። ባሏ ወርቅ አመጣ፣ ዞራ አላየችውም። በመጨረሻ አንድ ባሕታዊ መጣና ከበሩ ሳይገባ ሳቀ። «እምነቷ ስለጎደለ ወፍ ሰፍሮባታል» አለ። ወፉ ሴትየዋ ትከሻ ላይ ቆሞ ጸሎቷ ከአፏ ሲወጣ እየለቀመ ይበላ ነበር፤ የሚያየው ግን እምነቱ ሙሉ የሆነ ሰው ብቻ ነው። ባሕታዊው ጠበል ሲረጨው ወፉ በሴትየዋ አፍ ጮኸና በጭስ መውጫው በኩል በረረ። ሴትየዋም ተነስታ ሳቀች፤ ሰባት ወንዶች ልጆች ወለደች።

ወፉ ምን እንደሚመስል አባባ ነግረውን አያውቁም። እኔ ግን አውቀው ነበር። ቄራው አጠገብ አንጀት ሲጠባበቁ የሚውሉት አባ ኮዳዎች ነበሩ፤ መላጣ ራስ፣ የተንጠለጠለ ጉሮሮ፣ እንደ ሽማግሌ እጁን ወደ ኋላ አድርጎ የሚቆም ወፍ። እሱ ነው ብዬ ወሰንኩ።

ዘጠኝ ዓመት ሲሆነኝ አክስቴ ዘውዴ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ተኛች።

ዘውዴ የእናቴ ታናሽ ናት፤ ሆቴሉን ልታግዝ ከደጋ መጥታ ከእኛ ጋር ትኖር ነበር። ሌሊት ተነስታ ዳዊት ትደግማለች፣ ሽንኩርት ስትከትፍ ትዘምራለች፣ ሾፌር ሲያስቸግራት በጭልፋ ታባርራለች። ምን አገኛት ብትሉኝ ምንም። ሰው አልሞተባትም፣ ወንድ አልከዳትም። መጀመሪያ መዝሙሩን ተወች፣ ቀጥሎ ሽንኩርቱን፣ ቀጥሎ መነሳቱን። ሰው ግን ያለ ምክንያት አይኖርም፤ ካጣ ይሠራል። ጠረጴዛው ዙሪያ ተቀምጠው የእኛኑ ሻይ እየጠጡ ይሠሩ ጀመር።

«ጾም ሳታፈርስ አትቀርም።»

«እሷማ ድሮም ጸሎቷ ለታይታ ነበር። እንደዚያ ጮክ ብሎ የሚደግም ማን አለ?»

«ባል ነው የሚያስፈልጋት። እኔ አለሁ እኮ» አለ አንዱ ሾፌር፤ ሳቁ።

አባባ ገብሬ አልሳቁም፤ የእሳቸው የባሰ ነበር። የተረት መቀመጫቸውን ከምሰሶው አንስተው የዘውዴ ክፍል መስኮት ሥር አደረጉ። በየምሽቱ የወፉን ተረት ይነግሩን ጀመር፤ «እምነቷ ስለጎደለ» የምትለዋ ቦታ ላይ ሲደርሱ ድምፃቸውን ወደ መስኮቱ ያዞራሉ። መተኛት ያቃታት ሴት በየማታው ይህን ስትሰማ አስቡት። ያኔ አላሰብኩትም፤ ከፊት ተቀምጬ አፌን ከፍቼ እሰማ ነበር።

አንድ ሰው ብቻ ምንም አላለም። አዴ ዳሚ የምንላት ቦረና በየጠዋቱ ከጎልቦ የግመል ወተት ታመጣልን ነበር። ወተቷን ታስረክብና ዘውዴ አልጋ ጫፍ ላይ ትቀመጣለች፤ ሁለቱም አይናገሩም። እናቴ እዚያ ተቀምጣ ምን እንደምታደርግ ብትጠይቃት፣ «እኔም አንድ ጊዜ አንድ ዓመት ዝም ብያለሁ» አለቻት። «ግመል አልባለሁ፣ አልናገርም። የእኛም ሽማግሌዎች ብዙ አወሩ። ወሬው ነው የከበደኝ።» ከዚያ ባዶ ዕቃዋን ይዛ ሄደች።

ጠበሉ የመጣው በዚያው ሰሞን ነው። አባባ ልከውበት አንድ ሾፌር ከደጋ በቢጫ ጀሪካን አመጣው። ቅዳሜ ጠዋት ሊረጯት ተወሰነ፤ ጀሪካኑ እስከዚያ ዕቃ ቤታችን ተቀመጠ። «ወፉ በዚህ ካልወጣ ሰኞ በሚመለሰው ሎሪ ወደ ላይ ትሄዳለች» አሉ አባባ። ወደ ላይ ማለት ያኔ ከእኛ የሦስት ቀን መንገድ የሚርቅ አንድ ጠበል ማለት ነበር፤ ጋኔኑ ስሙን እስኪናገር ድረስ በሽተኛውን በሰንሰለት ከግንድ ጋር እንደሚያስሩት አባባ ራሳቸው በተረታቸው ነግረውናል። በተረት ውስጥ ሰንሰለቱ ደስ ይል ነበር።

እኔ ፈራሁ። ቅዳሜን ከመጠበቅ እኔው አስቀድሜ ወፉን ላባርርላት ብዬ አርብ ከሰዓት ዕቃ ቤት ገባሁ። ጀሪካኑን ወደ ኩባያ ሳዘነብል ከበደኝ፤ ከእጄ አምልጦ በአፉ ተደፋና ወለሉ ጠጣው። ጠብታ አልቀረም። ምን ላድርግ? በር ላይ ውሃ የሚሸጠው የአህያ ጋሪ ቆሟል፤ ከሱ ገዝተን ከሞላነው ከራሳችን በርሜል ቀድቼ ጀሪካኑን ሞላሁት። የሞያሌን የጉድጓድ ውሃ የምታውቁት ታውቁታላችሁ፤ ጨው ነው። እናቴ ሻዩን አበላሸብኝ እያለች ዕድሜ ልኳን ስትረግመው የኖረችው ውሃ።

ቅዳሜ ጠዋት ዘውዴን በቀሚስ ብቻ አውጥተው ጓሮው መሐል አስቀመጧት። ሰው ተሰብስቧል። ነፋስ ነበር። አባባ ጀሪካኑን ከጀርባዋ አነሱና ሳትዘጋጅ ፊቷ ላይ፣ አፍንጫዋ ውስጥ፣ አፏ ውስጥ ለቀቁት። ዘውዴ እንደሚሰጥም ሰው ተንፈራግጣ ጮኸች።

«ጮኸ» አሉ አባባ። «ሰማችሁት? ሊወጣ ነው።»

ሴቶቹ እልል አሉ። እኔስ? ውሃውን በገዛ እጄ የሞላሁት እኔ፣ ከየት እንደተቀዳ በዚያ ግቢ ብቻዬን የማውቀው እኔ፣ ቀና ብዬ ሰማዩን አየሁ። አባ ኮዳው ሲበር ፈለግኩ፤ ፈልጌም እልል አልኩ። በሕይወቴ ብዙ የሚያሳፍር ነገር ሠርቻለሁ፤ እንደዚያች እልልታ ግን የሚቀፈኝ የለም።

ዘውዴ አልሳቀችም። እየተንቀጠቀጠች ወደ ግድግዳዋ ተመለሰች። አባባም «ግትር ነው፤ ሰኞ ትሄዳለች» አሉ። እናቴ እያለቀሰች እሺ አለች፤ ያኔ አባባን እምቢ የሚል አልነበረም።

ፎጣ ይዤ ገባሁ። ጸጉሯን ሳደርቅላት ድንገት፣ «ጨው ጨው ይላል» አለችኝ። ከስንት ሳምንት በኋላ የሰማሁት የመጀመሪያ ቃሏ ነው።

ፎጣውን ከጸጉሯ አነሳሁ።

«አንቺ ነሽ?»

ራሴን ነቀነቅኩ።

«ለማንም እንዳትናገሪ። ይገርፉሻል።»

ሊወስዷት ነው፣ ሊያስሯት ነው፤ እሷ ግን የምታስበው የእኔን ጀርባ ነበር። አለቀስኩ። ከዚያ የልጅ ነገር፣ «አክስቴ፣ ወፉ ይከብዳል?» አልኳት።

«ወፍ የለም፣ ሰናይት። ወፍ ቢኖርማ እሽ እለው ነበር።»

«ታዲያ ለምን አትጸልዪም?»

«ማን አልጸለየችም አለሽ? በየሌሊቱ እደግማለሁ። አሸዋ እንደ ማኘክ ነው። ግን አኝከዋለሁ።»

ያን ሌሊት ጆሮዬን ግድግዳው ላይ ለጥፌ ሰማሁ። እውነቷን ነበር። ዳዊቷን ትደግም ነበር፤ ድምፁ የታመመ ሰው ደረጃ ሲወጣ እንደሚያሰማው ነበር፤ አንድ ቃል፣ ዕረፍት፣ አንድ ቃል፣ ዕረፍት። ያ ሁሉ ሻይ ጠጪ እምነት ጎደላት የሚላት ሴት ይህች ነበረች። ጠግቦ ተኝቶ የሚያንኮራፋው ግን ማንም ትከሻውን አይቶለት አያውቅም።

ሰኞ ጠዋት የሎሪው ሞተር ተነስቶ፣ የዘውዴ ጓዝ በአንሶላ ታስሮ ሳለ፣ እናቴ ቀሚስ ሥር ገብቼ ሁሉንም ተናዘዝኩ። ጮክ ብዬ ስለነበር ግቢው ሁሉ ሰማ። አባባ ገብሬ ፊታቸው አልተለወጠም፤ እስከ ዛሬ የምደነቅበት ይህ ነው። መጀመሪያ «ጀሪካኑ ራሱ የተባረከ ነው፤ የገባበትን ሁሉ ጠበል ያደርጋል» አሉ። ሰው ሲንሾካሾክባቸው ደግሞ ቀየሩት፤ «ይልቁንስ የጋኔኑን ተንኮል እዩ። ጠበሉን እንድትደፋ የልጅቷን እጅ የጠመዘዘው እሱ ነው። ሰንሰለት ካየ በኋላ ይናገራል።»

እናቴ ዕቃ ቤት ገባች። ከጀሪካኑ የቀረውን በኩባያ ይዛ ወጣችና ሁላችንም ፊት ቀመሰችው። ያን ውሃ ሌላ ሰው ይስተው እንጂ እሷ አትስተውም።

«አባባ» አለች በትሕትና፣ «ጋኔኑ በዚህ ውሃ ነው የጮኸው?»

«ልጄ፣ እንዳልኩሽ ነው...»

«በዚህ ውሃ ለእርስዎ ስንት ዓመት ሻይ አፍልቻለሁ። ምነው ታዲያ እርስዎ ጮኸው አያውቁም?»

የሎሪው ሾፌር ሳቁን መያዝ አልቻለም። እናቴ ጓዙን ከሎሪው ላይ አወረደች፤ ሎሪው ያለ ዘውዴ ሄደ። እኔም ተገረፍኩ፤ ጠበል መድፋት ጠበል መድፋት ነው።

ታሪኩ በዚህ ቢያልቅ እኔም አሳምሬ ጨረስኩ ማለት ነው፤ አላለቀም። ዘውዴ በማግስቱ አልተነሳችም፣ በወሩም አልተነሳችም። እየቆየ፣ ማንም ቀኑን ሳያውቀው፣ ማድ ቤት ገብታ ሽንኩርት ስትልጥ አገኘናት። ከዚያ ወዲህ ነገሩ ይመጣል፣ ይሄዳል። ኋላ ላይ ጤና ጣቢያ ያለች ነርስ በሽታ መሆኑን ነግራ ዳዋ አስጀመረቻት፤ ኪኒን ማለት ነው። ኪኒኑንም ትውጣለች፣ ዳዊቱንም ትደግማለች። ሁለቱም የማይረዱበት ሳምንት አለ።

አባባ ገብሬ ግን እስኪሞቱ ድረስ ተረቱን ነገሩት፤ እኔንም ጨመሩበት። ሾፌሮች እየሰሙ ወደ ሰሜንም ወደ ደቡብም ይዘውት ሄዱ።

ባለፈው ዓመት ነው። ሆቴሉ አሁን የእኔ ነው፤ አስፋልቱም ገብቷል፣ የከሰሉንም ቦታ ጋዝ ወስዶታል። አንድ ወጣት ሾፌር ጥግ ተቀምጦ ለጓደኛው ሲያወራ ሰማሁት። «በዚሁ በሞያሌ ድሮ እምነቷ የጎደለ አንዲት ሴት ነበረች አሉ። ጋኔኑ በአንዲት ሕፃን እጅ ጠበሉን አስደፋው።»

«ሕፃኗስ ምን ሆነች?» አልኩት ሻይ እየቀዳሁለት።

«እጇ ሽባ ሆኖ ቀረ፣ እቴቴ።»

ሽባ በሆነው እጄ ስኳሩን አቀረብኩለት።

አክስቴ ዘውዴ በሩ ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅም ነበር። ጸጉሯ ነጭ ሆኗል። ባል አላገባችም፣ ልጅ አልወለደችም። ከትሪው ቀና ሳትል፣ «ሴትየዋስ የኔ ልጅ?» አለችው። «እሷስ ምን ሆነች?»

«እሷማ ድና ሰባት ወንዶች ልጆች ወለደች፣ እማማ።»

«እሰይ» አለች። «ደስ አለኝ።»

እውነቱን ልዘረግፍለት ነበር፤ እኔን የሚያውቁኝ ያውቃሉ። ዘውዴ አየችኝና፣ «ተዪው ሰናይት» አለች። «ሻዩ ቀዘቀዘበት፣ ለውጪለት።»

ለወጥኩለት። ያን ዕለት ከአልጋዋ የተነሳችው አራት ሰዓት ላይ ነበር፤ ከዚያ በፊት በግድግዳው በኩል ስትደግም ሰምቻታለሁ፤ አንድ ቃል፣ ዕረፍት፣ አንድ ቃል፣ ዕረፍት። ከእነዚያ ምሽቶች ሁሉ፣ ከፋኖሱም ከፍሙም፣ የቀረልኝ ይህ ድምፅ ነው። አባባ ገብሬ ከመስኮቱ ሥር ስንት ምሽት ተቀመጡ፤ ጆሯቸው እዚያው ነበር። ስለዚህ ድምፅ ግን አንድም ተረት አልነበራቸውም።