በርበሬ ተራ ውስጥ የማያቆም ሳል

አክስቴ ከሆስፒታል ስትወጣ መርካቶ ቅቤ ተራ የነበራት ቦታ ላይ ሌላ ሴት ተቀምጣ አገኘናት። ሴትዮዋ ከቅቤዋ ቀና እንኳ ሳትል፣

«እትዬ፣ ሰው ቅቤ የሚገዛው ቀምሶ ነው። እርስዎ እየሳሉበት ማን ይቀምሳል?» አለቻት።

ዙሪያውን የተቀመጡት ሳቁ። ከመካከላቸው ከአክስቴ ጋር ብዙ ዓመት አብረው የነገዱ ነበሩ።

ደረቷን የጎዳት የጣልያን ጊዜ ነው። ባሏ ጫካ ስለገባ እሷን ከሌሎች ሴቶች ጋር በካሚዮን ጭነው ሶማሊያ በረሃ ውስጥ አሰሯት። ጃንሆይ ተመልሰው፣ እስረኞቹም ተፈትተው አገሯ ስትገባ ባሏ ሞቷል፤ ቤቷም ፈርሷል። ጋዜጠኛ ከሆንኩ በኋላ ስለዚያ እስር ቤት ልጠይቃት ሞክሬ ነበር። «ውሃው ጨው ነበር፤ ሌላ ምን ልንገርህ?» ብላ ዘጋችው። ስለዚህ እኔም ከዚህ በላይ አልጽፍም።

ከዚያ ወዲህ ቅቤ እየነገደች ኖረች። በኋላ ደም መትፋት ስትጀምር ሆስፒታል ገባች። በመርፌው ብዛት መቀመጥ እስኪያቅታት ድረስ ታከመች። ስትወጣ ሐኪሙን ራሴ አነጋገርኩት። በሽታው ጠፍቷል፤ ወደ ሰው አይተላለፍም፤ ሳንባዋ ላይ የቀረው ጠባሳ ነው፤ ሳሉ ግን አብሯት ይኖራል አለኝ። አቧራና ብናኝ ካለበት እንድትርቅም አስጠነቀቀ። ይህንኑ ለቅቤ ተራ ሰዎች ብነግራቸው «የጋዜጣ ሰው አይደለህ? ወሬ መቼ ያልቅብሃል!» አሉኝ።

የምንኖረው ጭድ ተራ ጀርባ፣ አንድ ክፍል ተከራይተን ነበር። ደመወዜ ለሁለታችን ስለሚበቃ ቤት እንድትቀመጥ ለመንኳት።

«የሰው እጅ እያየሁ የኖርኩት እስር ቤት ነው» አለችኝ። «ቦታ እፈልጋለሁ። የራሴን።»

በርበሬ ተራን ያሰበችው እሷ ናት። እዚያ ያለፈ ሰው ያውቀዋል፤ ጆንያ በተራገፈ ቁጥር ብናኙ ጉሮሮ ይከረክራል፣ ዓይን ያስለቅሳል፣ ገዢው እያስነጠሰና እየሳለ ነው የሚከራከረው። «እዚያ የማንን ሳል ማን ይለየዋል?» አለች። ሐኪሙ ያለውን አስታወስኳት።

«ሐኪሙ ቦታ ይሰጠኛል?»

አንዲት ነጋዴ ወደ አገሯ ስትመለስ የለቀቀችውን ጥግ ያዘች። መጀመሪያ ሁሉም እንዳሰበችው ሆነ። እንዲያውም ከቀኟ የምትቀመጠው ወፍራም ሴት ሳሏን ሰምታ፣ «አይዞዎት እትዬ፣ አዲስ ሰው እንዲህ ነው። ይለምዱታል» አለቻት።

አክስቴም እኔም ያላወቅነው ይህን ነበር። በርበሬ ተራ ውስጥ የሚስለው ገዢ ነው። ነጋዴው ጥቂት ቀን ይስልና ጉሮሮው ይደነድናል፤ ከዚያ ወዲያ ብናኝ ውስጥ ውሎ ያድራል፣ አይስልም።

አንድ ቀን ከሰዓት ምሳዋን ይዤላት ሄድኩ። ኃይለኛ ዝናብ ገዢውን ሁሉ በየበረንዳው በትኖት ተራው ጭር ብሏል። በዚያ ዝምታ ውስጥ የአንድ ሰው ሳል ብቻ ይሰማል።

ወፍራሟ ሴት ዞር አለች። «እስካሁን አልለመዱትም?»

አክስቴ አፏን በነጠላዋ ይዛ እንደገና ሳለች።

«ኧረ ይሄ የበርበሬ ሳል አይደለም!»

ከፊት ለፊት አንዱ ነጋዴ ብድግ አለ። «የሳንባ ነው! ቅቤ ተራ ያባረሯት ሴትዮ ናት፤ ያልኩት አልቀረም!»

የተራው ሽማግሌ መጡ። ትንሽ ራቅ ብለው ቆሙ። «እትዬ፣ ዕቃዎን ይሰብስቡ። ገዢ ይህን ከሰማ የሁላችንም እንጀራ መዘጋቱ ነው።»

«ጋሼ፣ እርስዎ ያንሱልኛ» አለች አክስቴ። «ጆንያው ያው። ከጠዋት ጀምሮ እላዩ ላይ ስስል ነው የዋልኩት።»

ሽማግሌው እጃቸውን ወደ ጋቢያቸው ውስጥ አስገቡ። ኩሊ ጠሩ፤ ኩሊው «እኔ ልጆች አሉኝ» ብሎ ሄደ። እኔ ሐኪሙ ያለውን ልነግራቸው አፌን ከፈትኩ።

«አንተ ዝም በል!» አለችኝ።

ለምን እንደከለከለችኝ ማታ ቤት ነገረችኝ። «አይተላለፍም ብትላቸው አንስተው ይጥሉኝ ነበር።»

በማግስቱ ከግራና ከቀኝ ያሉት ጆንያቸውን ጎትተው ርቀዋት አገኘኋት። ወፍራሟ ሴት ባለፈች ቁጥር ምራቋን እንትፍ ትላለች። ኩሊዎቹ «እትዬ እህ-እህ» የሚል ስም አውጥተውላት በሩቁ ይጣራሉ። አክስቴ ግን የምታየው መሬቱን ነበር። መርካቶ ውስጥ ሰው ለአንድ ክንድ መሬት ጥርስ ይሰባበራል፤ እዚህ በሁለቱም ወገን ባዶ መሬት ተኝቶላታል። ሰሌን ገዝታ አነጠፈችው። ሌሎቹ በጆንያ አፍነው የሚሸጡትን ዛላ እሷ ዘርግታ፣ ቀዩን ከነጣው ለይታ ደረደረችው። ገዢ ከሩቅ አይቶ ይመጣል። ራሱ እየሳለ ስለሚገዛ ሳሏን ልብ አይለውም።

ሐኪሙ አልተሳሳተም። ሳሉ በየወሩ እየከፋ ሄደ፤ ሌሊት ትራስ ደግፋ ቁጭ ብላ የምታድርበት ጊዜ በዛ። ተይ ባልኳት ቁጥር ፊቷን ታዞርብኛለች።

አዲሱ በርበሬ ከአገር ቤት ሲገባ ተራው ጠበበ። የወፍራሟ ሴት ጆንያ መንገድ ላይ ተርፎ የገበያው ዘበኛ በዱላ እየጠቆመ ይጮህባታል። ግራ ሲገባት ወደ አክስቴ መጣች።

«እትዬ፣ ትንሽ ጠጋ ቢሉልኝ? ጎረቤት አይደለን?»

አክስቴ ዛላ መልቀሟን አላቆመችም። «ሳሉ እኮ አልለቀቀኝም።»

«ኧረ እሱን ማን ይፈራል እትዬ!» አለችና አፍንጫዋን በነጠላዋ ሸፍና አንዱን ጆንያ ሰሌኑ ጠርዝ ላይ አስቀመጠች።

አክስቴ ጆንያውን በእግሯ ገፍታ ወደ መንገዱ መለሰችው።